ስለ ከተማ ንቅናቄዎች የተጻፈ ጥናት እንዴት ይነበባል? የማኑኤል ካስቴልስ ሥራ እንደ መነሻ

የከተማ ነዋሪዎች ስለ ቤት ኪራይ፣ ስለ ውኃ፣ ስለ መፈናቀል ወይም ስለ ሰፈራቸው ክብር ተሰባስበው የሚያደርጉትን ትግል ለማጥናት የሚነሣ ተማሪ ወይም ጋዜጠኛ አብዛኛውን ጊዜ የሚጀምረው ከትርጓሜ ነው። ከአንድ የታወቀ ምሁር መጽሐፍ «ማኅበራዊ ንቅናቄ ማለት» ብሎ የሚጀምር አንቀጽ ይገለብጥና በጽሑፉ መግቢያ ላይ ያስቀምጠዋል፤ ከዚያ በኋላ ባሉት ገጾች ግን ያ ትርጓሜ አንድም ሥራ ሲሠራ አይታይም። እዚህ የሚቀርበው መንገድ የዚህ ተገላቢጦሽ ነው። መጀመሪያ ምሁሩ ያጠናውን አንድ ታሪክ በደንብ ይመረምሩ፤ ቀጥለው ምሁሩ ከታሪኩ ምን ጥያቄ እንዳወጣ ይለዩ፤ በመጨረሻም ጥያቄውን እርስዎ በሚያውቁት ከተማ ላይ ይሞክሩት። ለምሳሌነት የተመረጡት የሶሲዮሎጂ ምሁሩ ማኑኤል ካስቴልስ ናቸው። በዚህ መስክ ከሳቸው በላይ የተጠቀሰ ሰው ጥቂት ነው፤ ከዚያም በላይ የራሳቸውን ቀደምት ሐሳብ በግልጽ የለወጡ ሰው መሆናቸው ለአንባቢ ትልቅ ትምህርት አለው። በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት «ዓ.ም.» ካልተባሉ በቀር በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።

ከንባቡ በፊት የጸሐፊውን ሕይወት በአንድ አጭር አንቀጽ መዝግቦ መያዝ ይጠቅማል። ካስቴልስ በ1942 በስፔን ተወለዱ፤ የአምባገነኑን የጄኔራል ፍራንኮን አገዛዝ በተማሪነታቸው ተቃውመው ገና በሃያ ዓመታቸው ወደ ፓሪስ ተሰደዱ። የ1968ቱ የተማሪዎች ዐመፅ በተነሣበት በናንቴር ዩኒቨርሲቲ ያስተምሩ ነበር፤ ከዐመፁ ጋር በተያያዘ ከፈረንሳይ ተባረሩ፤ ኋላም ተመለሱ። በ1972 የከተማን ጥያቄ በማርክሳዊ ዐይን የመረመረውን መጽሐፋቸውን በፈረንሳይኛ አሳተሙ፤ በ1979 ካሊፎርኒያ በሚገኘው በበርክሌይ ዩኒቨርሲቲ ማስተማር ጀመሩ፤ በ1983 ደግሞ የከተማን ተራ ሕዝብ ትግል ከአምስት መቶ ዓመት በፊት በስፔን ከተነሣው የካስቲያ ከተሞች ዐመፅ ጀምሮ እስከ ማድሪድ ድረስ የሚተርከውን ትልቁን ሥራቸውን በእንግሊዝኛ አወጡ። ከ2020 መጀመሪያ እስከ 2021 መጨረሻ የስፔን የዩኒቨርሲቲዎች ሚኒስትር ሆነውም ሠርተዋል። ስደተኛ ተማሪ፣ ፕሮፌሰር እና ሚኒስትር የሆነ ሰው ስለ መንግሥትና ስለ ሕዝብ ሲጽፍ የቆመበት ቦታ በየጊዜው መለያየቱ አይቀርም። ስለዚህ አንድ ሐሳብ ሲጠቅሱ «ካስቴልስ ይላሉ» ማለት አይበቃም፤ በየትኛው ዓመት እንዳሉት ይጻፉ።

የ1983ቱ መጽሐፍ ወፍራም ነው። ከመጀመሪያው ገጽ ተነሥተው እስከ መጨረሻው በተራ ለማንበብ የሚሞክሩ ሰዎች አብዛኛውን ጊዜ መካከል ላይ ይቆማሉ። የተሻለው አካሄድ አንድ ምዕራፍ መርጦ መጀመር ነው፤ እኔ የምመክረው በስኮትላንዷ ከተማ በግላስጎው በ1915 የተደረገውን የኪራይ አድማ የሚመለከተውን ነው። ታሪኩ አጭር ነው፤ ውጤቱ በሕግ የተመዘገበ ነው፤ ከካስቴልስ ውጭ የጻፉም ብዙዎች ስለሆኑ የምሁሩን ንባብ ከሌሎች ጋር ማስተያየት ይቻላል።

ጊዜው አንደኛው የዓለም ጦርነት ነው። ግላስጎው በመርከብ ግንባታዋና በጦር መሣሪያ ፋብሪካዎቿ ምክንያት ሠራተኛ ከየአቅጣጫው የሚጎርፍባት ከተማ ሆናለች፤ አዲስ ቤት ግን አይሠራም። አከራዮች አጋጣሚውን ተጠቅመው ኪራይ ጨመሩ። በብዙ ቤት ባል ግንባር ዘምቷል፤ የቀሩት ሚስትና ልጆች ናቸው። በጎቫን ሰፈር እንደ ሜሪ ባርቡር ያሉ ሴቶች በየወጥ ቤቱና በየጓሮው እየተሰበሰቡ ጭማሪውን ላለመክፈል ተስማሙ፤ የቀድሞውን ኪራይ ግን አልከለከሉም። ፍርድ አስፈጻሚ ተከራይ ሊያስወጣ ሲመጣ ዘብ የቆመችው ሴት ደወል ትደውላለች፤ ሌሎቹ ከየቤታቸው ወጥተው ደረጃውን ይዘጋሉ፤ ዱቄት እየወረወሩም ያባርሩታል። እስከ መኸሩ መጨረሻ በአድማው ወደ 20,000 የሚጠጉ ተከራዮች ገቡ። ኖቬምበር 17 ቀን 1915 በአድማው ምክንያት የተከሰሱ ተከራዮች ፍርድ ቤት በቀረቡ ጊዜ የመርከብ ግንባታ ሠራተኞች ሥራቸውን ትተው ከሴቶቹ ጋር ወደ ፍርድ ቤቱ ተመሙ። ክሱ ተተወ። በቀጣዩ ወር የብሪታንያ ፓርላማ የአነስተኛ ቤቶች ኪራይ በኦገስት 1914 ከነበረበት እንዳያልፍ የሚያግድ ሕግ አወጣ።

ይህን ካነበቡ በኋላ መጽሐፉን ይዝጉና አንድ ገጽ ለሁለት ይክፈሉ። በአንዱ ወገን የሆነውን ብቻ ይጻፉ፤ ማለትም ማን፣ የት፣ መቼ፣ ምን እንደጠየቀና ምን እንዳገኘ። በሌላው ወገን ምሁሩ ስለ ሆነው ነገር የሰጡትን ፍቺ ይጻፉ። ሥራው ቀላል ይመስላል፤ ነገር ግን ሁለቱ በአንድ ዐረፍተ ነገር ውስጥ ተጣብቀው ስለሚገኙ መለየቱ ጊዜ ይወስዳል። ለምሳሌ «ሠራተኞቹና ሴቶቹ ባለቤቶችን አሸንፈው የመንግሥትን የቤት ፖሊሲ ለወጡ» የሚል ዐረፍተ ነገር ቢያጋጥምዎ፣ የኪራይ ሕጉ መውጣቱ በመጀመሪያው ወገን ይገባል፤ ሕጉን ያወጣው የአድማው ኃይል ነው የሚለው ግን ፍቺ ስለሆነ ወደ ሁለተኛው ይሄዳል።

ካስቴልስ በግላስጎው ጉዳይ ላይ የሚሰጡት ፍቺ የሚገርም ጎን አለው። ፋብሪካ ያላቸው ባለ ሀብቶች በኪራይ መጨመር ምንም ጥቅም አልነበራቸውም፤ እንዲያውም ሠራተኛው ኪራይ በጨመረ ቁጥር ደመወዝ ይጨመርልኝ ማለቱ ስለማይቀር ጉዳቱ ለነሱ ነበር። መንግሥትም ጦርነቱን የሚያካሂድበትን ጥይትና መርከብ ይፈልጋል። ስለዚህ አከራዮች ብቻቸውን ቀሩ። ድሉ የመጣው በታች ያሉት ስለ ተባበሩ ብቻ ሳይሆን በላይ ያሉት ስለ ተከፋፈሉም ነው። ይህን ነጥብ በማስታወሻዎ ላይ አስምረው ይያዙት፤ ሌላ ከተማ ሲያጠኑ «ከላይ ያሉት እነማን ነበሩ፤ በምንስ ይለያዩ ነበር?» የሚለው ጥያቄ ከዚህ ይወጣል። የሰልፈኛውን ቁጥርና የመፈክሩን ቃል ብቻ የሚመዘግብ ጥናት ይህን ጥያቄ መመለስ አይችልም።

በዚሁ ምዕራፍ ካስቴልስ ትግሉን የመሩት ሴቶች ቢሆኑም ጥያቄው ስለ ቤተሰብ መኖሪያ እንጂ በወንድና በሴት መካከል ስላለው የሥልጣን ግንኙነት አልነበረም የሚል አቋም ይይዛሉ። እዚህ ላይ ቸኩለዋል ባይ ነኝ። ሜሪ ባርቡር በ1920 ለግላስጎው ከተማ ምክር ቤት ተመርጠው ከመጀመሪያዎቹ ሴት አባላት አንዷ ሆኑ፤ ከወጥ ቤት ስብሰባ ወደ ምክር ቤት ወንበር የሚወስደው መንገድ በመፈክር ላይ ባይጻፍም የአድማው ውጤት አካል ነው። አንባቢ ከእኔ ጋር ላይስማማ ይችላል፤ ነገር ግን ክርክሩን ማካሄድ የሚቻለው ሆነ የተባለውንና የተፈታውን ለይተን ስለ ያዝን ብቻ ነው።

ከአንዱ ታሪክ በኋላ ወደ ምሁሩ ጥያቄዎች ይሂዱ። በ1983ቱ መጽሐፍ ካስቴልስ የከተማ ንቅናቄን በሦስት ነገር ይመዝናሉ። አንደኛው ነዋሪው ከተማውን የሚኖርበት እንጂ የሚነገድበት እንዳይሆን መጠየቁ ነው፤ ቤት፣ ውኃ፣ ትምህርት ቤትና መጓጓዣ እዚህ ይገባሉ። ሁለተኛው የራሱን ባህልና ማንነት፣ የሰፈሩን ማኅበራዊ ኑሮ ለመጠበቅ ወይም ለመፍጠር መታገሉ ነው። ሦስተኛው በአካባቢው ጉዳይ ላይ የመወሰን ሥልጣን መጠየቁ ነው። ሦስቱ በአንድ ትግል ሲገናኙ፣ ታጋዮቹም የከተማ ንቅናቄ መሆናቸውን ራሳቸው ሲያውቁ፣ ከጋዜጠኞች፣ ከባለሙያዎችና ከፓርቲዎች ጋር ተሳስረው ግን ለማንኛውም ፓርቲ ሳይገዙ ሲቆሙ፣ ያን ጊዜ የከተማውን ትርጉም የሚለውጥ ንቅናቄ ይሆናል ይላሉ። ይህን ዝርዝር እንደ ፈተና ወረቀት አይጠቀሙበት። «ሁለቱን አሟልቷል፤ ሦስተኛው ጎድሎታል» ብሎ ነጥብ መስጠት ምንም አያስተምርም፤ የሚያስተምረው የጎደለው ለምን እንደ ጎደለ መመርመር ነው።

ለዚህ የማድሪድን ምዕራፍ ይምረጡ። በፍራንኮ ዘመን ከአንዳሉሲያና ከኤክስትረማዱራ ገጠር የተሰደዱ ሰዎች በከተማዪቱ ዳርቻ በጭቃና በቆርቆሮ ሰፈሩ። በ1964 የወጣው የማኅበራት ሕግ ጠባብ ቀዳዳ ስለ ከፈተላቸው የሰፈር ነዋሪዎች ማኅበር አቋቋሙ፤ ኢንጂነር፣ ጠበቃና አርክቴክት ደግፏቸው ውኃ፣ መንገድና ቤት ጠየቁ። ኦርካሲታስ የተባለው ሰፈር ነዋሪዎች የሚሠራው አዲስ ቤት እዚያው ለነበሩት ሰዎች እንዲሰጥ ተከራክረው በ1977 በስፔን ጠቅላይ ፍርድ ቤት ረቱ። የሰፈር በዓላት እንደገና ተነሡ፤ የተመረጠ ማዘጋጃ ቤት ይኑረን የሚለው ጥያቄም በየማኅበሩ ተሰማ። ሦስቱም ተገናኝተዋል ማለት ነው። በኤፕሪል 1979 ምርጫ ተደርጎ ግራ ዘመም ፓርቲዎች ከተማዪቱን ያዙ፤ ብዙዎቹ የማኅበራት መሪዎች ወደ ምክር ቤትና ወደ ፓርቲ ሥራ ሄዱ፤ ማኅበራቱም ተዳከሙ። ያሸነፈ ንቅናቄ በድሉ ምክንያት መዳከሙን ካስቴልስ በሳን ፍራንሲስኮ ሚሽን ሰፈርም አይተውታል፤ እዚያ ደግሞ የነዋሪዎች ኅብረት ከፌዴራል መንግሥት የመጣውን የልማት ገንዘብ ለመቆጣጠር ከበቃ በኋላ በገንዘቡ ተከፋፍሎ ፈረሰ።

የላቲን አሜሪካውን ክፍል ፈጠን ብለው ቢያልፉት ችግር የለውም፤ የፔሩ ዋና ከተማ የሊማ ምሳሌ ግን አይቅርብዎ። በ1948 ሥልጣን የያዙት ጄኔራል ኦድሪያ ድሆች ባዶ መሬት ይዘው እንዲሰፍሩ ፈቀዱ፤ አንዳንዴም አበረታቱ፤ በምላሹ የሰፋሪውን ድጋፍ ጠየቁ። ሰፋሪው የያዘው መሬት በሕግ ያልጸና ስለሆነ ያለ ገዢው በጎ ፈቃድ ነገ ሊነጠቅ ይችላል። ብዙ ሕዝብ የተሰለፈበት ነገር ሁሉ ከታች የመነጨ ንቅናቄ ነው ብሎ ለሚያስብ ሰው ይህ ጥሩ ማረሚያ ነው።

ቀጥሎ የ1972ቱን ከ1983ቱ ጋር ያስተያዩ። በመጀመሪያው ካስቴልስ የነዋሪዎች ትግል ትርጉም የሚኖረው ከሠራተኛው መደብ የፖለቲካ ትግልና ከፓርቲው ጋር ሲተሳሰር ነው ብለው ነበር። በሁለተኛው ደግሞ ፓርቲ ንቅናቄውን ከዋጠው ንቅናቄው ያበቃለታል ወደሚል ድምዳሜ ደረሱ፤ የከተማ ትግልም በመደብ ብቻ እንደማይገለጽ፣ የፆታ፣ የዘርና የአካባቢ ማንነት የራሳቸው ክብደት እንዳላቸው ተቀበሉ። በመካከሉ ማድሪድ አለ፤ በመካከሉ አሜሪካ አለ። ሁለቱን መጻሕፍት ሳይለዩ በአንድ አንቀጽ «የካስቴልስ ንድፈ ሐሳብ» ብሎ የሚጠቅስ ጽሑፍ እርስ በርሱ የሚጋጭ ነገር ይዞ ይገኛል፤ በመመረቂያ ጽሑፎች ላይ ይህ ስሕተት በብዛት ይታያል።

ምሁሩን ከተቹት መካከል ቢያንስ አንዱን አብረው ያንብቡ። እንግሊዛዊው የሶሲዮሎጂ ምሁር ክሪስ ፒክቫንስ ካስቴልስ በከተማ ለታየ ለውጥ ሁሉ መነሻውን ከንቅናቄው ይፈልጋሉ፤ መንግሥትና ማዘጋጃ ቤት በራሳቸው ምክንያት የሚያመጡትን ለውጥ ግን ያሳንሳሉ ብለው ተችተዋል። ትችቱ ወደ ተግባር ሲለወጥ እንዲህ ያለ ጥያቄ ይሆናል፦ ንቅናቄው ባይኖር ኖሮ ውጤቱ ይመጣ ነበርን?

ይህን ጥያቄ ለመለማመድ ከአዲስ አበባ ታሪክ የተሻለ ምሳሌ ማግኘት አስቸጋሪ ነው። የካቲት 1966 ዓ.ም. የታክሲ ነጂዎች በነዳጅ ዋጋ መጨመር ምክንያት ሥራ አቆሙ፤ መምህራንም በትምህርት ሥርዓቱ ላይ በቀረበው ማሻሻያ ተቃውሞ አድማ መቱ። መንግሥት በቀናት ውስጥ የነዳጁን ዋጋ ቀነሰ፤ የትምህርት ማሻሻያውንም አገደ። እዚህ በአድማውና በውጤቱ መካከል ያለው ትስስር ቅርብና ግልጽ ነው። በቀጣዩ ዓመት ሐምሌ ወር ደግሞ ደርግ በአዋጅ ቁጥር 47/1967 የከተማ ቦታንና ትርፍ ቤትን የመንግሥት አደረገ፤ ኪራይም እንዲቀንስ ታዘዘ፤ የከተማ ነዋሪዎች ማኅበር፣ ማለትም ቀበሌ፣ ተቋቋመ። በካስቴልስ መመዘኛ ብቻ ቢታይ የመጀመሪያው ጥያቄ ተመልሷል፤ ሦስተኛውም በወረቀት ተመልሷል። ይሁን እንጂ አዋጁን ያወጣው ወታደራዊ መንግሥት ነው፤ የግላስጎውን የመሰለ የተከራዮች ማኅበር ከኋላው አልነበረም። የተማሪውና የሠራተኛው ተቃውሞ የፈጠረው የፖለቲካ ግፊት ምን ያህል እንደ ሠራና የአዲሶቹ ገዢዎች የራሳቸው ስሌት ምን ያህል እንደ ሠራ መለየት የአጥኚው ሥራ ነው። ቀበሌውም የነዋሪው ማኅበር ተብሎ ተጀምሮ ብዙ ሳይቆይ የመንግሥት ክንድ መሆኑ፣ ራስን ማስተዳደር ከታች የተገነባ ሲሆንና ከላይ የተሰጠ ሲሆን ምን ያህል እንደሚለያይ ያሳያል። አጥኚው በዚህ ርእስ ለመሥራት ቢነሣ የአዋጁን ቃል ከነጋሪት ጋዜጣ፣ የዘመኑን ዜና ከአዲስ ዘመን፣ የነዋሪውን ትዝታ ደግሞ ያን ዘመን ከኖሩት አዛውንት ማግኘት ይችላል፤ ሦስቱ በተጋጩበት ቦታ ሁሉ አንድ የጥናት ጥያቄ አለ።

ሁለተኛው የልምምድ ምሳሌ ከእስራኤል ነው። በ2012 መጀመሪያ በቂርያት ማላኪ ከተማ የአንዳንድ ሕንፃዎች ባለቤቶች ለኢትዮጵያውያን ቤተ እስራኤል ቤት ላለመሸጥና ላለማከራየት መስማማታቸው በቴሌቪዥን ተዘገበ። በከተማዪቱ ሰልፍ ተደረገ፤ ተቃውሞውም ወደ ኢየሩሳሌም ተሻገረ። ጥቂት ወራት ቀደም ብሎ፣ በ2011 ክረምት፣ በቴል አቪቭ ሮትሺልድ ጎዳና የቤት ውድነትን በመቃወም ድንኳኖች ተተክለው ነበር። ሁለቱም ስለ መኖሪያ ቤት ናቸው። ሆኖም በድንኳኖቹ የተነሣው ጥያቄ በዋጋ ላይ ያተኮረ ሲሆን በቂርያት ማላኪ ገንዘብ ያለውም ሰው በቆዳው ቀለም ምክንያት ቤት ተከልክሏል፤ የካስቴልስ አንደኛውና ሁለተኛው ጥያቄ የማይነጣጠሉበት ቦታ ማለት ይህ ነው። ቂርያት ማላኪን የቴል አቪቩ ንቅናቄ ቅርንጫፍ አድርጎ የሚጽፍ ሰው ዋናውን ነገር ይስታል።

በዚህ ደረጃ የደረሰ አንባቢ የራሱን ሰፈር ሊያጠና ይነሣል። የመጀመሪያው ሥራ ቃለ መጠይቅ ይመስላል፤ እኔ ግን የጊዜ ሰንጠረዥ እንዲቀድም እመክራለሁ። ማስታወቂያው የተለጠፈበትን ቀን፣ ስብሰባው የተጠራበትን፣ ደብዳቤው ለወረዳው የገባበትን፣ መልስ የመጣበትን በተራ ይደርድሩ፤ ቃለ መጠይቁ ከዚያ በኋላ ሲደረግ ሰዎች ያደበላለቁትን ቅደም ተከተል በትሕትና ማቃናት ይቻላል። ከማኅበሩ ሊቀ መንበር ጋር ብቻ አይነጋገሩ፤ በስብሰባው ቡና ያፈሉትን፣ የዕድሩን ጸሐፊ፣ ትግሉን ያልተቀላቀሉትንና ትተው የወጡትን ይጠይቁ። ከባለ ሥልጣኑም ወገን ቢያንስ አንድ ሰው ያነጋግሩ፤ የፒክቫንስ ትችት የሚመለሰው በዚህ ነው። የሰዎችን ስም፣ የቤት ቁጥርና የሥራ ቦታ ከጽሑፉ ያውጡ፤ ሰዎቹ ዛሬ ቢፈቅዱ እንኳ ነገ ሊጎዳቸው የሚችለውን አብረው ያስቡ። በትንሽ ሰፈር «የሦስት ልጆች እናት የሆነች ልብስ ሰፊ» ማለት ስም ከመጥራት አይለይም።

የካስቴልስን የ2012ቱን፣ ስለ ቱኒዚያ፣ ስለ ግብፅ፣ ስለ አይስላንድ፣ ስለ ስፔንና ስለ አሜሪካ አደባባዮች የሚያወራውን መጽሐፍ ከ1983ቱ በኋላ ቢያነቡት ይሻላል። ኢንተርኔትና አደባባይ እንዴት እንደ ተገናኙ ይነግራል፤ ነገር ግን ከክስተቶቹ ብዙም ሳይርቅ ስለ ተጻፈ ውጤትን ለመመዘን ጊዜ አላገኘም፤ ግብፅ ከ2013 በኋላ የሄደችበትን መንገድ የሚያውቅ አንባቢ ብዙ ገጾቹን በጥርጣሬ ያያቸዋል።

ከዚህ በኋላ ከካስቴልስ ጋር የሚጋጭ ጸሐፊ ያስፈልጋል፤ ለዚህም ፍራንሲስ ፎክስ ፒቨንና ሪቻርድ ክላዋርድ በ1977 ስለ አሜሪካ ድሆች ንቅናቄዎች ያሳተሙት መጽሐፍ ይመረጣል። ሁለቱ የ1930ዎቹን የሥራ አጦችና የፋብሪካ ሠራተኞች ትግል፣ የጥቁሮችን የሲቪል መብት ትግልና የማኅበራዊ ድጎማ ተቀባዮችን ትግል መርምረው፣ ድሃ የሚያገኘውን የሚያገኘው የተለመደውን ሥራ ሲያስተጓጉል ነው፤ ቋሚ ድርጅት ለመገንባት የሚጠፋው ጉልበት ግን ያንን ኃይል ያቀዘቅዘዋል ብለው ይከራከራሉ። ካስቴልስ በማድሪድ ማኅበራት ያደነቁት ግንባታ በነሱ ዐይን የመዳከም መጀመሪያ ነው። የግላስጎውን ገጽ እንደገና ይክፈቱና በፍቺው ወገን ሦስተኛ መስመር ጨምረው፣ አከራዩን ያስፈራው የሴቶቹ ማኅበር ነበር ወይስ የመርከብ ሠራተኞቹ ሥራ መተው፣ ከሁለቱ መጻሕፍት የሚያገኙትን መልስ ጎን ለጎን ይጻፉ።